የዳዊቱ ጠብታ

የካቲት 2 ቀን 1977 ዓ.ም.

ከዛሬ ጀምሮ በዚህ ቤት ለሚደርሰው ሁሉ ተጠያቂው የእህቴ ልጅ ላቀው ቢተው ነው። አስቀድሜ ጽፌዋለሁ፤ ኋላ አሰጋሽ አልተናገረችም እንዳይባል።

ዛሬ የእርዳታ እህል በጫነ መኪና መካነ ሰላም ገባ። አገሩ ሁሉ ቀዬውን ጥሎ ሲወጣ እሱ ወደ እኛ ይመጣል። ጆንያ ይዞ ከሆነ ብዬ እስከ መንገዱ ወጣሁ። የያዘው ሳጥን ነው። ሲከፍተው ጣት የማያህሉ ብልቃጦች ተደርድረውበታል፤ በየብልቃጡም የሰናፍጭ ፍሬ የሚያህሉ ነጫጭ እንክብሎች። ልጄ አልታዬ እህል መስሏት እጇን ዘርግታ ነበር።

በደሴ መንገድ አንድ መጠለያ ውስጥ ለአንድ ፈረንጅ ሲያስተረጉም ከረመ። ፈረንጁ አገሩ ሲገባ ሳጥኑን ትቶለት ሄደ። ሙያውንም አስተምሮኛል ይላል፤ ከመስቀል እስከ ገና። እኔ በመሠረተ ትምህርት ፊደል ለመለየት ከዚያ የበለጠ ፈጅቶብኛል። ሐኪምነት ይቀላል ማለት ነው።

ሙያው ሆሚዮፓቲ ይባላል። ደጋግሞ አስጻፈኝ።

የካቲት 4

ላቀው ሕጉን አስረዳኝ። ጤነኛውን የሚያሳምም ነገር በሽተኛውን ከዚያው ሕመም ይፈውሳል። ቀይ ሽንኩርት ሲከትፉት ዓይን ያስለቅሳል፣ አፍንጫ ያስነጥሳል፤ ስለዚህ የጉንፋን መድኃኒት እሱው ሽንኩርቱ ነው። ሳማ ያቃጥላል፤ ስለዚህ እሳት ለፈጀው ቆዳ ሳማ። ንብ የነደፈችው ያብጣል፤ ስለዚህ ለእብጠት ንብ። አርሴኒክ የሚባል መርዝም አለ፤ እሱ ደግሞ ለሚያስመልሰውና ለሚያስቀምጠው።

መርዝ በቤቴ አይገባም አልኩት።

"አክስቴ፣ መርዙ እኮ የለበትም" አለኝ።

ሁለተኛው ሕግ ይኸው ነው። ከመርዙ አንድ ጠብታ በውሃ ይበጠበጣል፣ ብልቃጡ በኃይል ይመታል። ከዚያ ውሃ አንድ ጠብታ ተወስዶ በሌላ ውሃ ይበጠበጣል፣ ይመታል። ከዚያም እንደገና፣ ከዚያም እንደገና፣ መርዙ ከነጭራሹ እስኪጠፋ። በመጨረሻ በእንክብሉ ላይ ይንጠባጠባል። ባነሰ ቁጥር ይበረታል፤ ምንም ሳይቀር ሲቀር ከሁሉ የበረታው ያ ነው።

እንዲህ ከሆነማ የእኔን ጎተራ የሚስተካከለው መድኃኒት የለም አልኩት። አልሳቀም። ይህ ልጅ ከሕፃንነቱ ጀምሮ አይስቅም፤ ሐኪም የመሰለው በዚህ ይሆናል።

በሽተኛ የማይበት የፊት ክፍሉን ይስጡኝ አለ። አይሆንም አልኩ። ስሞቹን በአማርኛ ጽፌ በየብልቃጡ እለጥፋለሁ፣ እያነበበ የሚያቀብለኝ ሰው ያስፈልገኛል፣ በዚህ ሰፈር ከእርስዎ በቀር ማን ያነባል አለኝ።

ባሌ ነፍሱን ይማረውና ደብተራ ነበር። ሴት የዳዊት ገጽ አትገልጥም እያለ ዳዊቱን ከእኔ ደብቆ ኖሮ ሞተ። ፊደል የቆጠርኩት እሱን ቀብሬ፣ ፀጉሬ ሸብቶ ነው። የጤና ጣቢያው ድሬሰር ምናለ በዚያ ወራት ያስተምረን ነበርና "እትዬ አሰጋሽ ስታነብ ከንፈሯ እንደሚያመሰኳ ላም ነው" ብሎ ክፍሉን ሁሉ አስቆብኛል። ታነባለች ብሎ ፈልጎኝ የመጣ ሰው ላቀው የመጀመሪያው ነው።

ክፍሉን ሰጠሁት። ተጠያቂው ግን እሱ ነው።

የካቲት 8

ሰው መጣ። ብዙ መጣ። መድኃኒት ያለበት ቤት ምግብም አይጠፋበትም ብለው ይሆናል።

የላቀው ሙያ ጥያቄ ይበዛዋል። በየትኛው ጎንዎ ይተኛሉ? ሙቀት ይስማማዎታል ወይስ ብርድ? ብቻዎን መሆን ይወዳሉ? በሕልምዎ ምን ያያሉ? ሁሉን ይጽፋል። ከታች ቆላ የመጡ እግራቸው ያበጠ አንድ ሽማግሌ ከፊቱ ተቀምጠው "ምን ዓይነት ምግብ ያምርዎታል?" ሲላቸው ወደ እኔ ዞሩ። የሚሰጣቸው መስሏቸው ነው። ሽሮም ቢሆን ግድ የለኝም አሉ። ላቀው ጻፈው። ለእብጠቱ ከንቡ ብልቃጥ አንስቼ አቀበልኩት።

እንክብሉን ምላሳቸው ላይ ሲያደርግላቸው ጣፋጭ ነው ብለው ፈገግ አሉ። አንድ እፍኝ ቢሰጡኝስ አሉ። ላቀው ባነሰ ቁጥር እንደሚበረታ አስረዳቸው። ሽማግሌው አዳመጡና "የእርዳታ ስንዴውን የሚሰፍረውም ያንተ ተማሪ ነው?" አሉ።

ከማዘዣው ጋር ክልከላም አለ። መድኃኒቱን የወሰደ ቡና አይጠጣም፣ ነጭ ሽንኩርት አይበላም፣ ጤና አዳም አያሸትም። ሰው ሁሉ እሺ ብሎ ሄደ። የሌላቸውን ሲከለከሉ ማን ይከራከራል።

የካቲት 11

ጾም ገባ። መምሬ አሻግሬ፣ የነፍስ አባቴ፣ ማልደው መጡ። እንክብሉ ከምን እንደተሠራ ላቀውን ጠየቁት። ከወተት ስኳር ነው አለ። ውሸት አያውቅም፤ ይኸም አንዱ ጉድለቱ ነው።

በሁዳዴ ወተት። በከተማው ላም የቀረው ሰው የለም፤ ሰዉ ከአምናው ኅዳር ጀምሮ ሳይወድ እየጾመ ነው። ቢሆንም ጾም ጾም ነው። ላቀው በእንክብሉ ውስጥ ያለው መድኃኒት ከምንም የማይቆጠር ስለሆነ አይገድፍም ብሎ ተከራከረ።

"እሱስ ይሁን" አሉ መምሬ። "ወተቱ ግን አለ። ያለው ይገድፋል፣ የሌለው ይፈውሳል ነው የምትለኝ?"

ላቀው በመጨረሻ እንክብሉ ይቅርና በውሃ ላንጠባጥብ አለ። መምሬ ውሃ አይገድፍም ብለው ሄዱ።

የካቲት 13

ውሃው ሊመታ ነው። ፈረንጁ ብልቃጡን የሚመታው በቆዳ በተለበጠ ወፍራም መጽሐፍ ላይ ነበር አለኝ። ድንጋይ ይሰብረዋል፣ ጨርቅ ምቱን ያለዝባል። በቀበሌ ያሉት መጻሕፍት ሁሉ ልባሳቸው ወረቀት ነው። ዓይኑን የባሌ ዳዊት ወደተሰቀለበት ላከ።

አይሆንም ማለት ነበረብኝ። ከማኅደሩ አውጥቼ ጉልበቴ ላይ አስቀመጥኩት፤ ላቀው ብልቃጡን ቆዳው ላይ ይመታ ጀመር። ደብተራው ሴት አትንካው ያለውን ዛሬ ሰፈር ሁሉ በጉልበቴ ላይ አየው። በሩ ክፍት ነበር። ልዘጋው እችል ነበር፤ ግን ክፍሉ ይጨልማል።

የካቲት 16፣ ኪዳነ ምሕረት

ወሬው ከእኛ ቀደመ። ዳዊት የነካው ውሃ ነው፣ ጠበል ነው ተባለ። ሰዉ ጠርሙስ፣ ቅል፣ ጣሳ ይዞ ከንጋት ጀምሮ ተሰልፏል። ጠበል የሚጠጣ ደግሞ ጠዋት እህል አይቀምስም፤ በጠበል ላይም ሌላ መድኃኒት አይደረብም፣ መርፌ አይወጋም። ይህን ሕግ ማንም አላወጀም፣ ሁሉም ያውቀዋል። በከተማችን መጠለያ የሚታደለውን የጠዋት ገንፎ ትተው የመጡ አሉ።

ላቀውን ተው፣ ጠበል አይደለም በላቸው አልኩት። እምነት አይጎዳም አለኝ። መምሬም ተጠየቁ። አልባረክሁትም፣ አልረገምሁትም አሉ።

እኔ ጠብታ እቆጥራለሁ። "እትዬ አሰጋሽ፣ እባክዎ ለኔም" ይሉኛል። እርስዎ ይሉኛል። ከእነዚህ ውስጥ በውሃ መቅጃው ስገፋ ዞረው ያላዩኝ አሉ።

የካቲት 19

የቀበሌው ሊቀ መንበር ጓድ ሞላ ላቀውን በስብሰባ ላይ አናገረው። ላቀው ያነሰው እንደሚበረታ አስረዳ። ጓድ ሞላ ይህ ሳይንሳዊ ግኝት ነው፣ ጓዶች ያጨብጭቡ አለ። ከዚያ የስንዴው ስፍር በጣሳ መሆኑ ቀርቶ በኩባያ እንዲሆን ተወስኗል ብሎ ተናገረ። ከኋላ አንዱ "ጓድ ሊቀ መንበር፣ ኩባያውንም በዳዊት ይምቱልን" አለ። ማን እንደሆነ አልታወቀም። የጎረቤቴ የወርቄ ባል ድምፅ ይመስል ነበር።

የካቲት 22

አልታዬ አመማት። በመጠለያው ገንፎ ስታማስል ውላ ስትመጣ ራሴን ፈለጠኝ አለች። ሰውነቷ እሳት ነው። ትንቀጠቀጣለች።

የካቲት 23

ላቀው ከልጄ አልጋ አጠገብ ወረቀቱን ይዞ ተቀመጠ። ጥማት አለሽ? ብርሃን ያስጠላሻል? በሕልምሽ ምን አየሽ? አልታዬ ዓይኗን ጨፍና ትመልሳለች። ምን ያምርሻል ሲላት "መርፌ" አለችው።

ጻፈው። ከዚያ ቤላዶና የሚለውን ብልቃጥ አነበብኩና አቀበልኩት። ቅጠሉ ጤነኛውን ያነድደዋል፣ ፊቱን ያቀላዋል ይላል፤ የእሷም ፊት ቀልቷል። በልኳ የተሰፋ ልብስ ነው አለ።

የካቲት 25

ባሰባት።

ላቀው ደስ አለው። መድኃኒቱ በሽታውን ሲያገኘው መጀመሪያ ያባብሰዋል፤ መባባሱ መሥራቱ ነው፤ ይህ ደግ ምልክት ነው አለ። በሽተኛ ከአስታማሚ ፊት ነውና የሚያነበው ፊትዎን ይፍቱላት፣ ይሳቁላት አለኝ። እኔ ፊቴ የማይፈታ ሴት ነኝ፤ ባሌም ይኸን ሲል ኖሯል። ለልጄ ስል ፈታሁት። አብሽሪ፣ ደግ ምልክት ነው አልኳት።

ጓድ ሞላም ስለ አብዮቱ እንዲህ ይለናል፤ የሚከፋው ሊሻል ሲል ነው። ሁሉም ከአንድ ሳጥን የወጡ ናቸው።

የካቲት 26

ወርቄ መጣች። ምናለ ልኳት። እትዬ አሰጋሽ፣ የሚያገረሽ ትኩሳት ነው፣ በቅማል የሚመጣ፤ መርፌ አለኝ፣ ሳያልቅ ልጅቱን አምጧት ብሏል አለችኝ።

በቅማል። የእኔን ቤት። በመንገድ እየጮኸ የላካት ይመስለኛል። ከንፈሬን ላም አለ፣ አሁን ደግሞ ቤቴን በረት ሊል ነው። ጠበል ይዛለች፣ መርፌ አይደረብም በይው አልኳት። ወርቄ "ውሃ ነው ያልሽው አንቺ አልነበርሽም?" አለች።

ደግሞም ነፋስ አለ። ትኩሳት ያለበት ሰው ነፋስ ላይ አይወጣም። ጤና ጣቢያው ከቤተ ክርስቲያኑ ማዶ ነው፤ ሩቅ ነው ማለት አልችልም፣ ዳገት ግን አለው።

የካቲት 27

አልተኛችም። ስሜን ትጠራለች። እማዬ አይደለም፣ አሰጋሽ እያለች። ጠብታ ጨመርኩ። ሳቅሁላት።

የካቲት 29

ተነሣች!

ሌሊት ላብ እንደ ውሃ ወረዳት፣ ፍራሹን አራሰችው። ጠዋት ሰውነቷ በርዷል። የተልባ ውሃ ጠጣች። እልል አልኩ። ሰፈሩ ሁሉ ተከትሎ እልል አለ። ላቀው በሩ ላይ አቁሞ አሳያት፤ ጉልበቷ ይንቀጠቀጥ ነበር። መምሬ አሻግሬም መጥተው ዳዊቱ በከንቱ አልተመታም አሉ፤ አልባረክሁም ያሉትን ረስተው። ጓድ ሞላ ልጅቱ በአብዮታዊ ቆራጥነት ድናለች አለ።

ምናለን በመንገድ አገኘሁት። ዳነች አልኩት። ተመልሶ ይመጣል፣ ስሙም ለዚህ ነው አለኝ። የሰው ደስታ የሚያመው ሰው አለ።

መጋቢት 3

ሰልፉ እስከ ሾላው ደርሷል። ከማሻ የመጣም አለ። ዳዊቱን ከጉልበቴ አላወርድም። ከቆዳው ሥር ባለው የቀኝ የእንጨት ሽፋን፣ በገበታው ላይ ስንጥቅ አይቻለሁ፤ ድሮም የነበረ ይሆናል።

መጋቢት 7

ተመለሰ። ከበፊቱ ይብሳል።

ላቀው የቀረው በሽታ ከሥሩ እየተነቀለ ነው ይላል። መድኃኒቱን የበለጠ አቅጥኖ የበለጠ አበረታው።

መጋቢት 8

ነስር። ዓይኗ ቢጫ ሆኗል። ላቀው ጻፈው።

እማዬ ምናለጋ ውሰጂኝ አለችኝ። ነገ አልኳት። ነገ ሰልፉን ላቀው ብቻውን ከቻለው። ብልቃጦቹን የሚያነብለት ሌላ የለውም። አብሽሪ፣ ደግ ምልክት ነው አልኳት። አላየችኝም፤ ወደ ግድግዳው ዞረች።

መጋቢት 9

ጓድ ሞላ ከወረዳ ለመጡ እንግዶች ሆሚዮፓቲውን እንድናሳይ አዘዘ። ላቀው መታ፣ እኔ አነበብኩ፣ ጠብታ ቆጠርኩ። እንግዶቹ አንዲት አሮጊት እንዲህ ስታነብ የመሠረተ ትምህርት ፍሬ ነው ብለው አጨበጨቡልኝ።

ቤቴ ስመለስ አልጋው ባዶ ነው።

ወርቄና ባሏ በቃሬዛ ወስደዋታል። ሌቦች። የሰው ልጅ ከሰው ቤት።

መጋቢት 10

ትናንት ማታ ጤና ጣቢያው በር ላይ ቆምኩ። ገብቼ ልጮህ ነበር። ምናለ መርፌውን ወግቶ ከአልጋዋ አጠገብ በርጩማ ላይ ተቀምጧል። ልጄ ጥርሷ እስኪንገጫገጭ ትንቀጠቀጣለች፤ እንዲህ ስትሆን አይቻት አላውቅም። አልጋው ራሱ ይጮሃል። ገደልካት አልኩት።

ወርቄ ናት የመለሰችልኝ። ከመርፌው በኋላ መጀመሪያ ይብስባታል፣ አትደንግጡ ብሎናል አለች።

ያው ቃል ነው። አንድም አልተለወጠም። ከሁለቱ ሐኪሞች የትኛውን ልመን? ልስቅ ምንም አልቀረኝ። ግን ምናለ አልሳቀም፤ ደግ ምልክት ነውም አላለም። ጨርቅ እያራሰ ግንባሯ ላይ ያኖራል፣ የደም ሥሯን ይዟል፣ ዓይኑን አያነሳም። ጨርቁ ሲሞቅ ወደ እኔ ዘረጋው። ነክሬ፣ ጨምቄ መለስኩለት። እንዲህ ስንል ነጋ።

ከንፈሬን አላየም።

መጋቢት 12

በርዷታል። ምናለ ይህኛው አይመለስም ይላል። የለበሰችውን ሁሉ አፍልተው ቀቀሉት፤ ራሷን ላጯት። ቅማል ተገኘ። ከመጠለያው ነው ያመጣችው፤ ከእኔ ቤት አይደለም።

መጋቢት 15

ከጤና ጣቢያው ወጥታ ወርቄ ቤት ገባች። ለመርፌ ቤቱ ይቀርባል ብላ ነው አሉኝ። መርፌው አንድ ብቻ ነበር፤ አልቋል። የወርቄ ቤትና የእኔ ቤት አጥር ለአጥር ናቸው።

መጋቢት 20

ላቀው ልጅቱን ያዳናት የእሱ ጠብታ ነው ይላል። መርፌው የገባው በሽታው ሊለቅ ሲል ነው፤ ያለቀውን ሥራ ነጥቀው ወሰዱት እያለ ይናገራል። ሰዉም ግማሹ አምኖታል። ግማሹ የዳዊቱ ነው ይላል። ምናለ ምንም አይልም፤ መርፌ አልቆበት ወደ ደሴ ሰው ልኳል፣ እስካሁን አልመጣለትም። ጓድ ሞላ ማን እንዳዳናት ቀበሌው ያጣራል ብሏል።

እግራቸው ያበጠው ሽማግሌ ሞቱ። ከቀብራቸው መልስ ልጃቸው ቅሉን ይዞ መጥቶ ጠብታ ለመነኝ፤ ለራሱ ነው። መጠለያ ሂድና ገንፎ ብላ አልኩት። ጠበል ይዣለሁ አለኝ። ተቆጣሁት። በዚህ ቤት ጠበል የለም አልኩት። አላመነኝም። ዳዊቱ ጉልበቴ ላይ ነበር።

መጋቢት 22

የዳዊቱ ገበታ ለሁለት ተከፈለ። በጠፍር አስሬ ወደ ማኅደሩ መለስኩት፣ ሰቀልኩት። ላቀው ሌላ ቆዳ እንፈልግ አለ። የራስህ ግንባር አለልህ አልኩት።

መጋቢት 29

ላቀው ወደ ደጎሎ በሚሄድ መኪና ተሳፈረ። እዚያ ሆሚዮፓቲ ገና አልተሰማም። አብረውኝ ይምጡ፣ ማንበቡን ለእርስዎ እተዋለሁ፣ አልታዬም ምስክር ትሆናለች አለኝ። ቦታ ያዝኩልዎ ብሎ ከሹፌሩ አጠገብ ያለውን ወንበር በእጁ ይመታልኛል። አልሄድም አልኩት፤ ጠፍታ ቀረች እንዳይል ግን እስከ መኪናው ሸኘሁት። ሲሰናበተኝ እንደ ልጅነቱ ጉልበቴን ሳመ። ብልቃጦቹ ሳጥኑ ውስጥ ሲንጫጩ እስከ ታች መታጠፊያ ይሰማሉ።

ደጎሎ ላይ ለሚሆነውም ተጠያቂው እሱ ነው።

ሚያዝያ 6፣ ፋሲካ

የፈሰከ የለም። መምሬ አሻግሬ ከእርዳታ የመጣ የወተት ዱቄት በጥብጠው ለልጆቹ አዳረሱ። በሁዳዴ ያ ሁሉ ክርክር የተደረገበት ወተት ይኸው ነው፤ ጣፋጭ ነው ይላሉ ልጆቹ።

ያገኘሁትን አነባብሮ በሰሐን ይዤ ወርቄ ቤት ሄድኩ። አልታዬ ፀጉሯ መብቀል ጀምሯል። ተነሥታ ጉልበቴን ሳመች፣ እንኳን አደረሰሽ አለች፣ ሰሐኑን ተቀበለች። በደንቡ ሁሉን አደረገች። ወርቄ ውሃ ልቅዳ ብላ ወጣችልን።

ቤትሽ ባዶ ነው፣ ነይ አልኳት። ላቀው ሄዷል አልኳት። ሁሉንም ያደረገው እሱ ነው፣ አሁን የለም አልኳት።

አነባብሮውን ወደ ሞሰቡ ገለበጠች።

"እማዬ፣ ላቀውማ ወረቀቱን ነበር የሚያየው" አለች። "ሲብስብኝ ደስ ይልሽ ነበር። ፊትሽን አይቻለሁ።"

ለአንቺ ብዬ ነው ልላት ፈለግሁ። ላቀው ሳቂላት ስላለኝ ነው ልላት ፈለግሁ። ወርቄ እንስራዋን ይዛ ገባች። ሰሐኑን ባዶውን ተቀብዬ ወጣሁ።

ሚያዝያ 8

ዛሬ በአጥሩ ላይ አየኋት። ልብስ ታሰጣለች። ድሮ ከመታመሟ በፊት ፊትሽን ምን አጨለመው እያለች ትቀልድብኝ ነበር።

የወርቄ ባል አመመው አሉ፣ ያንቀጠቅጠዋል። ልጠይቀው እሄዳለሁ። ጨርቅ አራሽ ካስፈለጋቸው አራሳለሁ። አብሽር ግን አልለውም። ከእንግዲህ በታመመ ሰው ፊት አልስቅም፤ ፊቴን እንደ ድሮው ቋጥሬ እገባለሁ፣ ቋጥሬ እወጣለሁ።